አርባ አንድ ጊዜ የተመረገ በር

ድሬ ከተመለስኩ ሦስት ሳምንት ሆነኝ። ልብስ ስፌት ቤቴ የሚመጣው ሁሉ ጨርቁን ጠረጴዛው ላይ ጥሎ ስለ ማቆያው ይጠይቀኛል። ሱሪ ሊያሳጥር የመጣ አንድ ሰውዬ ሳይቀር ሁለት ሰዓት ሙሉ ተቀምጦ፣ ሱሪውን ረስቶ ሄዷል። አፌ ስለዛለ ልጽፈው ወሰንኩ። ከእንግዲህ ለሚጠይቀኝ ወረቀቱን ሰጥቼ ሥራዬን እሠራለሁ።

ለማያውቅ ሰው ልንገር። ማቆያ ማለት ከበቆጂ በላይ ባለው ደጋ ላይ የሚገኝ በድንጋይ የታነጸ ክብ ቤት ነው። ማን እንደሠራው የሚያውቅ የለም። በሩ ተዘግቶ በጭቃ ከተመረገ ውስጥ ያለው ጊዜ ይቆማል፤ የገባ ሰው አያረጅም፣ አይርበውም፣ አይሞትም። ድሮ ሐኪም ሩቅ በነበረበት ዘመን በጠና የታመመ ሰው መድኃኒት እስኪገኝለት እዚያ ይገባ ነበር። ሰባት ነበሩ ይባላል። ስድስቱ ተከፍተው ፈርሰዋል፤ ተዘግቶ የቀረው አንዱ ነው። እዚያ ውስጥ ያለችው እናቴ ነበረች።

እናቴና አባቴ ቡርቃ ጫሌ የምትባል መንደር ተመድበው የሄዱ አስተማሪዎች ነበሩ። እኔ በተወለድኩ ዕለት ጠዋት የእናቴ ደም አልቆም አለ። የግንቦት መጨረሻ ነበር፤ ዝናቡ ቀድሞ ገብቶ ወንዙ ሞልቷል። በቃሬዛ አሰላ ማድረስ ስላልተቻለ ማቆያ አስገቧት። አባቴ እኔን ታቅፎ ድሬ ወደምትኖረው እህቱ መጣ። ከዚያ ወዲህ በየዓመቱ ግንቦት ሲያልቅ እየሄደ በሩን ይመርግ ነበር። ልማዱ እንዲህ ነው፤ በሩን የሚመርገውም የሚያስከፍተውም የታማሚው ዘመድ ብቻ ነው። አንድም ጊዜ ይዞኝ አልሄደም። ባለፈው ጥር ሲሞት ስለ ቤትም ስለ ዕቃም አልተናዘዘም። «መርጊው» ነው ያለኝ። «እንዳትከፍቺው፣ ትሞትብናለች።»

አንደኛው ቀን

ከድሬ አዳማ በአውቶቡስ፣ ከአዳማ አሰላ በሚኒባስ። ሁሉም ሰው ወፍራም ልብስ ያዢ ብሎ መክሮኝ ነበር። እኔ ግን ለሰው ካፖርት ስሰፋ የኖርኩት ሴትዮ ለራሴ አንዲት ስስ ሹራብ ይዤ ወጣሁ።

ዴራ ላይ የሚኒባሱ ጎማ ተነፈሰ። ዴራ ገና ቆላ ናት፤ ፀሐይዋም አቧራዋም የአገሬ ነው። ሌላው ተሳፋሪ ሲነጫነጭ እኔ ደስ ብሎኝ ጎሚስታው ደጅ ቆምኩ። አጠገቡ ሽንኩርትና ቲማቲም የምትሸጥ ሴት ዱካ ሰጠችኝ፤ ውሃም ቀዳችልኝ። የት እንደምሄድ ጠየቀችኝና ነገርኳት።

«ልትመርጊ ነው ልትከፍቺ?» አለችኝ።

ልመርግ ነው አልኳት። ወደ ሽንኩርቷ ዞረች። ጎማው ተሠርቶ ስንነሳ ግን በመስኮት አንድ ፌስታል ቲማቲም አቀበለችኝ። አይሆንም፣ ይበዛብኛል ብላት ለአንቺ አይደለም፣ ለእናትሽ ነው አለችኝ። ቲማቲሙን እስከ አሰላ ጭኔ ላይ ይዤው ሄድኩ። አርባ ዓመት እህል ላልቀመሰች ሴት የተላከ ነገር መያዝ ደስ አይልም።

አሰላ ስንደርስ ወደ ማታ ነበር። ድሬ ላይ ሰው የሚቀመጠው ጥላ መርጦ ነው፤ አሰላ ላይ ደግሞ ፀሐይ መርጦ ነው፤ ፀሐይዋ ካለፈች ሁሉም ይገባል። ያረፍኩበት ፔንሲዮን «ሙቅ ውሃ አለን» ብሎ በሩ ላይ ለጥፏል። ቧንቧውን ስከፍተው ጮህኩ። ባለቤቷ ሴትዮ ሮጠው መጡና ሙቁ ጠዋት ጠዋት ነው ብለው ሳቁብኝ። ጥርሴ ሲንቀጫቀጭ አይተው ከራሳቸው አልጋ ላይ ጋቢያቸውን አምጥተው ደረቡልኝ። እሳቸውም ያንኑ ጥያቄ ጠየቁኝ፤ እኔም ያንኑ መለስኩ። ጋቢውን መመለስ የለብሽም፣ ወደዚያ ስትወጪ ያስፈልግሻል አሉኝ።

ሁለተኛው ቀን

ጠዋት ሆስፒታል ሄድኩ። መክፈት አስቤ አልነበረም። አንድ ሰው አትክፈቺው ብሎ እንዲነግረኝና ልቤ እንዲያርፍ ነበር የፈለግኩት። ያገኘሁት ሐኪም ከጎንደር ተመድቦ የመጣ ወጣት ነው፤ በትዕግሥት ሰማኝ።

«ያኔ የሚገድል ነበር፤ ዛሬ አብዛኛውን ጊዜ እናድነዋለን» አለኝ። «ግን በሩ ሲከፈት ሕመሙ ካቆመበት ይቀጥላል። ያኔውኑ መርፌና ግሉኮስ፣ ቶሎ ብሎም ደም ያስፈልጋታል። ቃል አልገባልዎትም።»

ከወሰንኩ የበቆጂው አምቡላንስ ከአዋላጅ ነርስ ጋር እንዲወጣ ያደርጋል፤ ስልኩን ጻፈልኝ። አመስግኜው ወጣሁ። ከግቢው ውጪ ድንጋይ ላይ ተቀምጬ አለቀስኩ፤ ምክንያቱም ልቤ አላረፈም።

ለማንም ያልተናገርኩትን እዚህ ልጻፈው። የምፈራው ሞቷን ብቻ አልነበረም። እኔ አርባ አንድ ዓመቴ ነው፣ እናቴ ሃያ አምስት። እናት እንደሌለኝ ለምጄዋለሁ። ብትድን ከእኔ የምታንስ ሴት ቤቴ ይዤ ገብቼ ምን ብዬ ልጥራት? አባቴ በየዓመቱ ጭቃውን እየለጠፈ ያቆየው ፍርሃት ለእኔም ተርፎኝ ነበር።

ከሰዓት በኋላ በሳጉሬ በኩል በቆጂ ገባሁ። መንገዱ ግራና ቀኙ የስንዴና የገብስ ማሳ ነው፤ ግማሹ ታርሶ ጥቁር አፈሩ ይታያል። የበቆጂ ብርድ ከአሰላው ይለያል፣ አጥንት ውስጥ ይገባል። እኔ በጋቢ ተጠቅልዬ ስንቀጠቀጥ በቁምጣ የሚሮጡ ልጆች በአጠገቤ አለፉ፤ ቀናሁባቸው። ያረፍኩበት ሻይ ቤት ሰውዬው ምድጃው አጠገብ ወንበር ሰጠኝ። ጠየቀኝ፤ ልመርግ ነው አልኩት።

«አባትሽም እንዲሁ ነበር የሚለው» አለኝ። ከዚያ ብርጭቆ ማጠብ ጀመረ። አነጋገሩ ቅር አሰኘኝ፤ ምን ማለቱ እንደሆነ ግን አልጠየቅኩትም።

ሦስተኛው ቀን

ወደ ቡርቃ ጫሌ የወጣሁት በሞተር ነው። ሌሊት ዘንቦ ስለነበር አንድ ዳገት ላይ ተንሸራተን ሁለታችንም ጭቃ ላይ ተቀመጥን። ባለሞተሩ ይቅርታ ሲለኝ እኔን ሳቅ ያዘኝ፤ ጭቃ ልለጥፍ የመጣሁ ሰው ቀድሜ ራሴ ተመረግኩ።

የማቆያው ጠባቂ ኦቦ ደበሌ ደጃቸው ላይ ቆመው ጠበቁኝ። ኦቦ ማለት እኛ ጋሼ እንደምንለው ነው። ወደ ሰባ የሚጠጉ፣ ረጅም፣ ንግግራቸው ቁጥብ የሆነ ሰው ናቸው። እጄን በሁለት እጃቸው ይዘው «ኢንተላ ኮ» አሉኝ፣ ልጄ ማለታቸው ነው። የሐረርጌ ኦሮምኛዬን ሰምተው ፈገግ አሉ። ጫማዬን ራሳቸው አጠቡልኝ፤ ብለምናቸውም አልሰሙኝም። ጭኮና ወተት አቀረቡልኝ። ጭኮ የተቆላ ገብስ ዱቄት በቅቤ የታሸ ነው፤ ሁለት ጉርሻ ከበሉ በኋላ እስከ ማታ አይርብም።

የሚኖሩት ብቻቸውን ነው፤ ልጅም ሚስትም አላየሁም። ግድግዳው ላይ አንድ የሴት ቀሚስ ተሰቅሏል። ልብስ ሰፊ ነኝና ዓይኔ እዚያው ሄደ። ትከሻው ላይ የተሸበሸበ፣ እንዲህ የሚሰፋ ሰው ካየሁ ብዙ ዘመኔ። ታጥቦ ታጥቦ ሳስቷል፤ አቧራ ግን የለበትም። የሞተች ሚስት አለቻቸው ብዬ አዘንኩላቸው።

ከምሳ በኋላ ወደ ማቆያው ሄድን። ከመንደሩ በላይ በገብስ ማሳ መሀል ነው። ነፋሱ ገብሱን ያወዛውዘዋል፤ ከግድግዳው ሁለት እርምጃ ሲቀር ግን ውዝዋዜው ይቆማል። እዚያ ያለው ገብስ ቀጥ ብሎ እንደቆመ ነው። ስቀርብ ጆሮዬ ድፍን አለ። የራሴን እርምጃ እንኳ መስማት አልቻልኩም። ስልኬን አየሁ፤ ከሰባት ሰዓት አሥር ደቂቃ ይላል። ልማዱ መጀመሪያ የባለፈውን ዓመት ምርጊት የተሰነጠቀውን መፋቅ ነው፤ እኔ ስፍቅ ኦቦ ደበሌ ጭቃውን ከጭድ ጋር በእግራቸው አቦኩ። ቀና ስል ፀሐይዋ ወደ ምዕራብ አዘቅዝቃለች። ስልኬ ግን ከሰባት ሰዓት አሥራ አራት ደቂቃ ይላል። እዚህ ሰዓት አይታመንም አሉኝ፤ ድምፃቸው ከሩቅ የመጣ መሰለኝ።

ስፍቅ ከበሩ ጎን በድንጋዮቹ መሀል አንድ ጣት የምታስገባ ቀዳዳ አገኘሁ። አባቴ አንድም ቀን ውስጡን አላየሁም ይል ነበር። እኔ ዓይኔን አስጠጋሁ።

ኩራዝ በርቷል፤ ነበልባሉ አይንቀሳቀስም። ጭሱም ከላዩ እንዳለ ቆሟል። እናቴ መደብ ላይ ተኝታለች፣ አፏ ግማሽ ተከፍቷል፣ ቃል እያወጣች ነበር። ከራስጌዋ ሌላ ሴት ተቀምጣለች። የያዘችው ጨርቅ ረጥቧል፤ ከጨርቁ የወደቀች አንዲት የውሃ ጠብታ የእናቴ ግንባር ላይ ሳትደርስ አየር ላይ ቀርታለች። የሴትየዋ ዓይን ተጨፍኗል። ቀሚሷ ትከሻው ላይ የተሸበሸበ ነው።

ዘወር ስል ኦቦ ደበሌ ጭቃው ውስጥ እንደቆሙ ያዩኛል። ያቺ ሴት ማን እንደሆነች ጠየቅኳቸው።

«ሚስቴ ናት፤ ኡርጌ» አሉ።

ታማ ነበር ወይ ብዬ ስጠይቃቸው ራሳቸውን ነቀነቁ። ምንም አልታመመችም፤ ጎረቤት ነበረች። አራስ ደግሞ ብቻዋን አትተውም፤ የአገሩ ደንብ ነው። በሩ ሲዘጋ ማን ይግባ ሲባል የሃያ ሁለት ዓመቷ ኡርጌ እኔ አለሁ ብላ ገባች። ወንዙ እስኪጎድል፣ ቢበዛ ለሳምንት ነበር የተባለው። አባቴ በሳምንቱ አላስከፈተም። በዓመቱ ሲመጣም መንገዱ ገና ነው ብሎ መረገ። መንገዱ ሲሠራ ሐኪሙ ገና ነው አለ፤ ሐኪሙ ሲመጣ ደግሞ ምክንያት መስጠቱንም ተወው።

«ለምን አልጠየቁትም?» አልኳቸው። እየጮኽኩ ነበር መሰለኝ።

«እሱ ሲደርስ ቀድሞ ያለቅሳል» አሉ። «ለሚያለቅስ ሰው ሚስቴን ስጠኝ ይባላል? በሩ የታማሚው ዘመድ ነው። እኔ ጠባቂ ነኝ።»

ሌላ ሚስት እንዲያገቡ መንደሩ ሲለምናቸው ኖሯል። ሚስት አለችኝ እያሉ እንቢ ብለዋል። በየዓመቱ ግን አባቴ አሮጌውን ምርጊት ፍቆ ወንዝ ዳር እጁን ሊታጠብ ሲወርድ በቀዳዳዋ ያዩአት ነበር። ከዘጠኝ ዓመት በፊት አባቴ ታሞ ሁለት ሳምንት ዘገየ። ምርጊቱ ተሰንጥቆ ጊዜው ትንሽ ሾለከ። ኦቦ ደበሌ ሄደው ሲያዩ ክፍት የነበረው የኡርጌ ዓይን ተጨፍኗል። ዓይኗን እያርገበገበች ነበር። ከዚያ ወዲህ ዓይኗን አላየሁትም አሉኝ።

እሳቸው ጎንበስ ብለው ጭቃውን ነካ አደረጉት።

«ይደርቃል ልጄ፤ እንመርግ» አሉ።

«አልመርግም» አልኩ። አባቴን ከሞተ በኋላ ለመጀመሪያ ጊዜ ተቆጣሁት። ኔትወርክ ፍለጋ ዳገቱን ወጥቼ ለሐኪሙ ደወልኩ።

አራተኛው ቀን

አምቡላንሱ ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ ደረሰ። አዋላጇ ሌንሳ የምትባል የበቆጂ ልጅ ናት፤ መርፌዋን አዘጋጅታ በሩ አጠገብ ተንበረከከች። የመንደሩ ሰው ከገብሱ ማዶ ቆሟል።

መጀመሪያ የሚመታው ዘመዱ ነውና ዶማውን ለእኔ ሰጡኝ። ምርጊቱ አርባ አንድ ድርብ ነው፤ ውፍረቱ ከክንዴ ይበልጣል። አንዱ ሲነሳ ከሥሩ የሌላው ዓመት ይወጣል፤ እያንዳንዱ ላይ የአባቴ የጣቶቹ ምልክት አለ። ላይ ላይ ያሉት ተንቀጥቅጠዋል። ወደ ውስጥ በገባን ቁጥር ጣቶቹ ቀጥ ያሉ፣ የጎረምሳ ጣቶች ሆኑ። ዶማውን ስሰነዝር የምመታው እሱን ይመስለኝ ነበር። እያለቀስኩ መታሁ። ኦቦ ደበሌ ከጎኔ ያፈርሳሉ።

በሩ ሲነቀል የዝናብ ሽታ ወጣ። ዕለቱ ፀሐይ ነበር፤ ያ የተወለድኩበት ዕለት ዝናብ ነው። ጠብታዋ እናቴ ግንባር ላይ ወደቀች። ኡርጌ ዓይኗን ገለጠች። እናቴም የጀመረችውን ቃል ጨረሰች።

«...አለቀሰች ወይ ልጅቷ?»

አጠገቧ የነበርኩት እኔ ነኝ። ሌላ ማን ይመልስላታል?

«አልቅሳለች» አልኳት። «ደህና ናት። አትናገሪ፣ ትደክሚያለሽ።»

ደሟ ወዲያው መፍሰስ ጀመረ። ሌንሳ መርፌውን ወጋቻት፣ ግሉኮሱን ሰካች፣ ሆዷን በጡጫዋ ይዛ ትጫን ጀመር። በቃሬዛ አወጣናት። ፊቷ አመድ መስሏል። ያኔ ኡርጌ ተከትላን ወጣች፤ በፀሐዩ ዓይኗ ተጭበረበረ። በሩ አጠገብ የቆሙትን ሽማግሌ አየችና አንገቷን ዝቅ አድርጋ በኦሮምኛ ሰላም አለቻቸው፤ አባቴ ብላ ነው የጠራቻቸው። ደበሌ የት እንዳለ ጠየቀቻቸው።

ኦቦ ደበሌ የያዙትን ዶማ ወደ ኋላቸው አደረጉ።

«ፈረስ ሊያመጣ ወርዷል» አሏት። «አንቺ አራሷን አትተያት። ሂጂ።»

እሷም እሺ ብላ አምቡላንስ ውስጥ ገባች። እስከ አሰላ ድረስ የእናቴን ራስ ጭኗ ላይ ይዛ ተቀመጠች። በመስኮት አስፋልቱን፣ የመብራት ገመዱን፣ የቆርቆሮውን ቤት ሁሉ ታያለች፤ አንድም ነገር አልጠየቀችም። እኔም አንድም ነገር አልነገርኳትም፤ ፈራኋት።

አምስተኛው ቀን

እናቴ አራት ከረጢት ደም ወሰደች። ጠዋት ሐኪሙ አልፋዋለች አለኝና ያለ ሐፍረት አቀፍኩት። ስትነቃ ውሃ አጠጣኋት። «እህቴ፣ እግዜር ይስጥሽ» አለችኝ፤ ልጇ የት እንዳለችም ጠየቀችኝ። ድሬ ናት፣ አክስቷ ጋ ናት አልኳት። ያደግኩት እዚያ ነውና ሙሉ ውሸት አልነበረም። ቀሪውን ትንሽ ጉልበት ስታገኝ እነግራታለሁ ብዬ መልሳ እስክትተኛ እጇን ያዝኩ። እጇ ከእኔ እጅ ለስላሳ ነው።

ኡርጌ ከአልጋው አጠገብ ካለችው አንዲት ወንበር አልተነሳችም። እህልም አልቀመሰችም። ፊቷን ወደ እኔ መልሳ በተሰባበረ አማርኛ፣ ደበሌ ሞቷል ወይ አለችኝ። ከዚያ በላይ መዋሸት አልቻልኩም። አልሞተም አልኳት። በሩ ላይ ያናገርሻቸው ሰውዬ ናቸው አልኳት። ስንት ዓመት እንደሆነ፣ እንዳላገቡ፣ ቀሚሷን አጥበው እንደሚሰቅሉት፣ ሁሉንም ነገርኳት። አባቴ ያደረገውንም አልደበቅኩም፤ ይቅርታም ጠየቅኳት።

«አባቴ ብዬዋለሁ» ነው ያለችው።

ወደ ሰባት ሰዓት ግድም ኦቦ ደበሌ መጡ። ጺማቸውን ተላጭተዋል፣ ኮት ለብሰዋል፣ ለአራሷ ጭኮ በሳህን አድርገው ይዘዋል። በሩ ላይ ቆሙ። ማወቋን ፊቷ ላይ አዩት፤ ሳህኑን የያዘው እጃቸው ወረደ። እኔ መውጣት ነበረብኝ፤ ግን በሩን እሳቸው ይዘውታል።

ኡርጌ አየቻቸው። ከጫማቸው እስከ ፀጉራቸው ቀስ ብላ አየቻቸው፣ ቢያንስ አንድ የምታውቀው ነገር የምትፈልግ ይመስለኛል። እሳቸውም ዝም ብለው ታዩላት። ከዚያ ብድግ አለች። ወንበሯን በሁለት እጇ ወደ እሳቸው አስጠጋች። ለባል የሚነሱት አነሳስ አልነበረም፤ ለትልቅ ሰው የሚነሱት ነበር። እሳቸውም ገባቸው። እጃቸውን ዘርግተው ሊያስቆሟት ሞከሩ፣ መልሰው ሰበሰቡት። ቁጭ በይ፣ አንቺ ነሽ ሌሊቱን ሙሉ ያልተኛሽው አሏት።

«እርስዎ ይቀመጡ» አለቻቸው። «በጣም ደክሞዎታል።»

ኦቦ ደበሌ ወንበሩን አዩት። ቀስ ብለው ተቀመጡ። እሷ እንደቆመች ቀረች።